ምሰሶው ሥር የቀረች ስንዝር

የቶሪቢዮ ሥራ ሴቶችን ማጠጋጋት ነበር። ይህን የሰማ ሁሉ ፈገግ ይላል፤ ፈገግታውን ግን ቶሎ ቢሰበስብ ይሻለዋል፤ ሥራው በማኅበር ሹመት የሚሰጥ፣ በትር ያለው፣ የተከበረ ሥራ ነበርና። በማድሪድ፣ በአራተኛው ፊሊጶስ ዘመን፣ ሰው ቴያትር የሚያየው ጣራ በሌለው ግቢ ውስጥ ነው። ወንዶቹ ከታች ይቆማሉ፤ ባለጸጎቹ በግራና ቀኝ ባሉት መስኮቶች ይቀመጣሉ፤ ሴቶቹ ደግሞ ከመድረኩ ፊት ለፊት ባለች አንዲት ሰገነት ላይ ይታጨቃሉ። ያቺን ሰገነት ከተማው በሙሉ «ድስቷ» ይላታል። ወንድ የተባለ አይገባባትም፤ ከቶሪቢዮ በቀር። እሱ ከፊት ካለው መከታ ጋር ጀርባውን ለመድረኩ ሰጥቶ ይቆምና ሁለት እጁን ዘርግቶ ይጮኻል።

«ጠጋ ጠጋ በሉ እንጂ እናንተዬ! አንቺ ባለ ጥቁር ሻርፕ፣ ቀሚስሽን ሰብስቢ፤ ቀሚስሽ አልከፈለም!»

«ቀሚሴን ከምሰበስብ አንተን ሰብስቤ ወደ ታች ብወረውርህስ?»

«ወርውሪኝ እመቤቴ፤ እኔ ስወድቅ ለአንድ ሰው ቦታ ይገኛል።»

ሹመቱ ያለ ምክንያት አልነበረም። ግቢው የአንድ የበጎ አድራጎት ማኅበር ንብረት ነው፤ ማኅበሩ ከግቢው ጀርባ ሆስፒታል አለው፤ በበሩ የገባው ገንዘብ ቀጥ ብሎ የሚሄደው ወደ ሆስፒታሉ ወጥ ቤት ነው። ድስቷ ጢም ብላ የዋለች ዕለት በሽተኛው የዶሮ መረቅ ይጠጣል። የሳሳች ዕለት የሽንኩርት ውሃ ነው። ስለዚህ ሐኪሙ ጠዋት ጠዋት የበሽተኛውን የልብ ትርታ እየዳሰሰ «ለመሆኑ ዛሬ የሚታየው ምን ዓይነት ተውኔት ነው?» ብሎ ይጠይቅ ነበር፤ አሳዛኝ ነው ካሉት ራሱን እየነቀነቀ ወደሚቀጥለው አልጋ ያልፋል። አንድ ቄስ እሑድ ዕለት ቴያትር ነፍስ ያጠፋል ብለው ሰብከው፣ ሰኞ ጨጓራቸውን ታመው እዚያው ሆስፒታል ገቡና ሳምንቱን ሙሉ ለቀልደኛው ተዋናይ ጤና ሲጸልዩ ሰነበቱ።

ቶሪቢዮ ይህን ጥበብ የተማረው ከሴት አይደለም፤ ከአሳ ነው። ተወልዶ ያደገው ላሬዶ በምትባል በሰሜን ጠረፍ ባለች የአሳ አጥማጆች ከተማ፣ ሰርዲን በጨው በርሜል ውስጥ ራስና ጅራት እያፈራረቀ ሲደረድር ነው። የማኅበሩ መጋቢ ዶን ፋድሪኬ አንድ ጊዜ ለጾም የሚሆን አሳ ሊገዙ ወርደው፣ ይህ ጎረምሳ ሌላ ሰው ሞልቷል ብሎ ክዳን የገጠመበትን በርሜል ከፍቶ እፍኝ ሙሉ ሰርዲን ሲጨምርበት አዩና እንባቸው መጣ።

«አንተ ልጅ፣ ሴት ደርድረህ ታውቃለህ?» አሉት።

«አላውቅም ጌታዬ። ትንቀሳቀሳለች እንዴ?»

በማግስቱ በቅሎ ላይ አስቀምጠው ወደ ማድሪድ ይዘውት ሄዱ። ትንቀሳቀሳለች፤ ትሳደባለችም፤ ትቆነጥጣለችም። ቢሆንም ለመደው። ድስቷን ተሾሞ እንደያዘ የአንዷ ክርን የሌላዋ ጎን ውስጥ፣ የሌላዋ ጉልበት የሦስተኛዋ ወገብ ሥር እየገባ፣ በሰገነቷ ላይ ነፋስ እንኳ ፈቃድ ጠይቆ የሚያልፍ መሰለ።

አንድ ነገር ብቻ ይቆጨው ነበር። ሃያ ዓመት ቴያትር ቤት ውስጥ ሲኖር አንድም ተውኔት አላየም። ፊቱን ወደ መድረኩ ካዞረ ሴቶቹ እንደ ሊጥ ይለጠጣሉ፤ ስለዚህ አይዞርም። ተውኔቱን የሚያውቀው ከሴቶቹ ፊት ነው። ለውዝ ማኘክ ካቆሙ፣ ሰው ሞቷል። እርስ በርስ ከተያዩ፣ ባል ተታሏል። ቁልፋቸውን አውጥተው ማንቃጨል ከጀመሩ፣ ደራሲው በኋላ በር ቢወጣ ይሻለዋል። ቀልድ የሞላበት ተውኔት ሁሉ በሠርግ እንደሚያልቅ ሰምቷል፤ ሠርጉ ምን እንደሚመስል ግን አያውቅም። አንድ ቀን አንዱን መጨረሻ በዓይኑ አይቶ ቢሞት ደስ ይለው ነበር።

በዚያ ሁሉ ፊት መካከል የምትኖር አንዲት ፊት ነበረች። ኪቴሪያ የሻማ ሠሪው ሚስት ናት፤ ሁልጊዜ የምትቀመጠው በስተቀኝ ምሰሶው ሥር ነው። የሱቋን፣ የጓዳዋንና የሰም መጋዘኗን ቁልፍ በአንድ ትልቅ ቀለበት አንጠልጥላ ትመጣለች፤ ያንን ቀለበት ያነቃጨለች እንደሆነ መድረኩ ላይ ያሉት ተዋንያን ላብ ያጠምቃቸዋል። ቶሪቢዮ ለዓመታት እንደ ማንኛዋም ሴት አጠጋግቷታል። በኋላ ባሏ ሞተና ለረጅም ጊዜ ጠፋች። ጥቁር ለብሳ ተመልሳ ምሰሶው ሥር በተቀመጠችበት ዕለት፣ ስትተነፍስ ሮጣ የመጣች ትመስል ነበር። የቶሪቢዮ እጅ ጎረቤቷን ወደ እሷ ሊገፋ ተዘርግቶ፣ አንዲት ስንዝር ሲቀረው ቆመ። ለምን እንደቆመ ራሱም አላወቀም። ከዚያን ቀን ጀምሮ ግን በማድሪድ ድስት ውስጥ አንዲት ባዶ ስንዝር ነበረች፤ በኪቴሪያና በጎረቤቷ መካከል።

ስለ ስንዝሯ ማንም አላወራም። ማንም ግን ሳያውቅ አልቀረም፤ እንደዚያ ታጭቆ የሚቀመጥ ሰው ክፍተትን እንደ ወለቀ ጥርስ ያውቃታል። ኪቴሪያም ታውቃለች። ሻርፗን አጥፋ የምታስቀምጠው እዚያች ስንዝር ላይ ነው።

ነገሩ የፈነዳው በጥር ወር፣ በአንድ ብርዳም ከሰዓት በኋላ ነው። የዚያን ቀን የሚታየው አንድ የፋርስ ንጉሥ ከመጀመሪያው ክፍል ጀምሮ ተወግቶ እስከ ሦስተኛው ክፍል ድረስ እየተናገረ የሚሞትበት ተውኔት ነበር። ንጉሡ ገና ሁለተኛው ክፍል ላይ ሲያቃስት ዶን ፋድሪኬ አማታቸውን ዶኛ ኡራካን ይዘው በሰገነቷ በር ብቅ አሉ። ዶኛ ኡራካ ሰፊ ሴት ናቸው፤ ከበሩ የገቡት በጎናቸው ዞረው ነው።

«ቶሪቢዮ፣ ለአማቴ ቦታ ፈልግላቸው።»

ቶሪቢዮ ድስቷን ከዳር እስከ ዳር አየ። በሃያ ዓመት ውስጥ ከአፉ ወጥቶ የማያውቅ ነገር ወጣ።

«ቦታ የለም።»

ሴቶቹ ማኘክ አቆሙ። ለሃያ ዓመት በዚህ ሰው እጅ ሲጨመቁ የኖሩ ሴቶች ናቸው፤ ቦታ የለም የሚባል ነገር በዓለም ላይ መኖሩን ገና አሁን ሰሙ።

«ምን አልክ?» አሉ ዶን ፋድሪኬ።

«ቦታ የለም ጌታዬ።»

«ታዲያ ያቺ ምሰሶው ሥር ያለችው ምንድን ናት?» ብለው በበትራቸው ጠቆሙ።

«እሷ ቦታ አይደለችም።»

«ቦታ ካልሆነች ምንድን ናት?»

«መተንፈሻ ናት» አለ። «የኪቴሪያ መተንፈሻ።»

ድስቷ ፈላች። አንዷ «እኛስ በጆሯችን ነው የምንተነፍሰው?» ትላለች፤ ሌላዋ «ሃያ ዓመት ጎኔን ሰብሮ ለእሷ ሳንባ ገዛላት!» ትላለች፤ ሦስተኛዋ ደስ ብሏት ታለቅሳለች። ኪቴሪያ እንደ ፍም ቀልታ ተነሣች።

«ማን መተንፈሻ ስጣት አለህ አንተ የሰርዲን ሰው? ከሰው ፊት ምን ታዋርደኛለህ?»

«ላዋርድሽ አይደለም። ላገባሽ ነው።»

«አይሆንም!» አለችና ቁልፏን ራሱ ላይ ወረወረችው።

ከታች የቆሙት ወንዶች በሙሉ ፊታቸውን ከመድረኩ አዙረው ኖሯል። ፉጨቱና ጭብጨባው ከተማውን ደበላለቀው። የፋርሱ ንጉሥ ራሱ ከሞት አልጋው ተነሥቶ፣ በጣቱ ጫፍ ቆሞ ወደ ሰገነቷ ሲያይ ታየ። ሰዎቹ ይህ ሁሉ የተውኔቱ ክፍል ነው ብለው አምነዋል፤ ወደ ቤታቸው ሲመለሱም ከንጉሡ ይልቅ ያ ሴት ገፊው የተሻለ ተዋናይ ነው እያሉ ተከራከሩ።

በማግስቱ በሩ ሊከፈት አንድ ሰዓት ሲቀረው ሰልፍ ሞላበት። ስለ ንጉሡ የጠየቀ የለም። ሁሉም የሚለው «ገፊው ዛሬም ይጠይቃታል ወይ?» ነው። ዶን ፋድሪኬ ጠዋት ቶሪቢዮን ሊያባርሩት ጽፈውት የነበረውን ወረቀት ከሰዓት በኋላ ቀደው ጣሉትና በጆሮው «ጠይቃት» አሉት። ቶሪቢዮ በየቀኑ በሕዝብ ፊት የሚለማመጥ ሰው አልነበረም፤ ግን መጋቢው አዘዙት፣ ልቡም አዘዘው። ጠየቃት። «አይሆንም» አለችው። ግቢው በሳቅ ተናወጠ፤ ያን ምሽት በሆስፒታሉ መረቅ ውስጥ የዶሮ እግር ተገኘ።

እንዲህ እንዲህ እያለ አንድ ሳምንት ሞላ። በሳምንቱ ኪቴሪያ በማለዳ ዶን ፋድሪኬ ዘንድ ሄደች።

«ከንግዲህ ሰው ሌላ ነገር ያይ» አለቻቸው። «ዛሬ ሲጠይቀኝ እሺ ልለው ነው።»

መጋቢው አመድ መሰሉ። ተውኔት በሠርግ ያልቃል፤ ያለቀ ተውኔት ለማየት ደግሞ የሚከፍል የለም። እጇን ይዘው ወደ ሆስፒታሉ ወሰዷት። እዚያ በሽተኞቹ ነገሩን ሰምተው በክራንች፣ በዱላ፣ አንዱም በሌላው ጀርባ ታዝሎ ወደ በሩ ወጡ።

«እትዬ ኪቴሪያ፣ እባክሽ አትውደጂው!» አለ ብላስ የሚባል እግሩ የተሰበረ በቅሎ ነጂ። «ማለቴ ውደጂው፤ ግን አትንገሪው!»

«እስከ ጾም መያዣ ብቻ» አለች ሳንባዋን የታመመች አንዲት አሮጊት። «በጾምማ ቴያትሩም ይዘጋል፣ ዶሮም አይበላም። ያኔ እንደ ልብሽ።»

«እንግዲያው ለእሱ እነግረዋለሁ፤ እያወቀ ይጠይቀኝ» አለች ኪቴሪያ።

«ነግረሽውማ አለቀልን!» አሉ ዶን ፋድሪኬ። «ልጁ ማስመሰል አያውቅም። ካወቀ ፈገግ ይላል፤ ፈገግ ካለ ማን ሊያየው ይመጣል?»

ኪቴሪያ የአሮጊቷን ቀጫጭን ክንዶች አየች። ልቧ እንደ ራሷ ሻማ ቀለጠ። እየተራገመች እሺ አለች፤ አንዲት ቃል እንደማትነግረውም ማለች።

ከዚያ በኋላ ያለው ነገር የሚያስቅም የሚያናድድም ነው። ቶሪቢዮ በየቀኑ ይጠይቃል፤ ኪቴሪያ በየቀኑ እንቢ ትላለች። ሕዝቡ አንድ ዓይነት እንቢታ ሲሰለቸው እሷም መለዋወጥ ተገደደች። አንድ ቀን «አጭር ነህ» አለችው፤ ሌላ ቀን «ማንኮራፋትህ ከፊትህ ያስታውቃል» አለችው፤ አንድ ቅዳሜ ቀን «አሳ አሳ ትሸታለህ» ስትለው ግቢው ሦስት ጊዜ አስደገማት። ቶሪቢዮ ያን ምሽት በሳሙናና በድንጋይ ራሱን እስኪደማ ፈተገ። ስንዝሯን ግን አልነካትም። ዶኛ ኡራካ በየቀኑ ቢቆጡም፣ ሰዉ በትከሻ ላይ ቢደራረብም፣ ከእሷ ጎን ያለችው ስንዝር እንደ ታቦት ማደሪያ ተከብራ ቀረች።

በሽተኞቹ ወፈሩ። ቶሪቢዮ ከሳ። መብላት ተወ፣ ድምፁ ሰለለ፣ አንድ ሰኞ ቀን «ጠጋ ጠጋ» ሊል እጁን ዘርግቶ ሰገነቷ ላይ ወደቀ። ሕዝቡ አጨበጨበለት። እስኪነሣ ጠብቀው ሳይነሣ ሲቀር የበለጠ አጨበጨቡለት።

ወደ ሆስፒታሉ ተሸክመው ወሰዱትና ሁለት ሰው በሚተኛበት አልጋ ላይ ከብላስ ጎን አስተኙት። በጎድጓዳ ሳህን መረቅ አመጡለት፤ ከላዩ ቅባት የተንሳፈፈበት፣ ቅመም የገባበት፣ ጮማ መረቅ። ቶሪቢዮ አንድ ማንኪያ ቀመሰ።

«ጥሩ መረቅ ነው» አለ በሰለለ ድምፅ።

ብላስ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

«ጋሼ ቶሪቢዮ፣ አትጠጣው።»

«ለምን? ተመርዟል?»

«ያንተ ነው። ከአንተ የተሠራ ነው። ያቺ ሴትዮ አንድ ወር ሙሉ እሺ ልትልህ ስትል እኛ ነን የከለከልናት። ስድቡም ለመረቁ ሲባል ነው። እኔ ራሴ ነኝ አትንገሪው ያልኳት።»

ቶሪቢዮ ማንኪያውን ወደ ሳህኑ መለሰ።

«አሳውስ? አሳ ትሸታለህ ያለችኝ?»

«እሱም። ወጥታ እዚያ ኮሪደሩ ላይ አለቀሰች፤ ሁላችንም አይተናታል።»

ቶሪቢዮ የሳሙናው ቁስል ያለበትን ክንዱን አየ፤ በአልጋዎቹ ላይ ጉንጫቸው የቀላ በሽተኞችን አየ። ልቡ በንዴት ሊፈነዳ ደርሶ ነበር። ግን ሰው እንደዚያ ወፍሮ እያለ መናደድ ከበደው። መረቁን እስከ ታች ጠጣና ሳህኑን ላሰ።

በማግስቱ የቅበላ ማክሰኞ ነበር፤ ከጾም በፊት ያለ የመጨረሻው ቀን። ቶሪቢዮ ታሞ የቀረ በመሆኑ ማኅበሩ በእሱ ቦታ አንድ ጨዋ ተማሪ አቁሟል፤ ተማሪው ሴቶቹን «ይቅርታ ካላስቸገርኳችሁ» እያለ ስለሚያጠጋጋ ማንም አልተጠጋለትም። ቢሆንም ግቢው በሰው ተጨናንቋል፤ ሁሉም መጨረሻውን ሊያይ መጥቷል። ቶሪቢዮ በበሽተኛ ሸሚዝ፣ በባዶ እግሩ፣ ከኋላው ክራንች የያዘ ሰልፍ አስከትሎ የሰገነቷን ደረጃ ሲወጣ ከውስጥ የዶኛ ኡራካን ድምፅ ሰማ።

«አሁንማ ሰውዬው የለም! ያንን ሻርፕ አንሺና ልቀመጥበት!»

«ቦታ የለም» አለች ኪቴሪያ።

«ባዶ አይደለም እንዴ? ዓይን የለኝም?»

«ቦታ የለም አልኩ እኮ እሜቴ። ሰው አለው።»

ቶሪቢዮ በሩ ላይ ቆመ። መጠየቅ ፈለገ፤ ድምፁ ግን አልመጣለትም። ኪቴሪያ ባዶ እግሮቹን አየች።

«ዛሬ አትጠይቀኝም?»

ጉሮሮውን በእጁ አሳያት።

«እንግዲያው ዝም ብለህ ና ተቀመጥ» አለችና ሻርፗን አነሣች።

የሰገነቷ ዘበኛ ዘሎ ገባ። «ወንድ እዚህ ይቀመጣል? ሕግ አለ!» አለ። ያን ጊዜ በዚያ ግቢ ታሪክ ታይቶ የማይታወቅ ነገር ሆነ። ሴቶቹ ማንም ሳያዛቸው፣ ማንም ሳይገፋቸው፣ በራሳቸው ጠጋ ጠጋ አሉ። ባለ ጥቁር ሻርፗ ቀሚሷን ሰበሰበች። ክርን ከክርን፣ ጉልበት ከጉልበት ገጠመና ዘበኛው እጁን ቀርቶ ቃሉን የሚያሳልፍበት ቀዳዳ አጣ፤ ያቺ ስንዝር ግን ሰፍታ አንድ የከሳ ሰው የሚበቃት ሆነች። ዶኛ ኡራካ ሳይቀሩ ሆዳቸውን ወደ ውስጥ ሳቡ። ሃያ ዓመት ያጠጋጋቸው ሰው ቆሞ አለቀሰ።

ተቀመጠ። ተቀምጦም ለመጀመሪያ ጊዜ ፊቱን ወደ መድረኩ አደረገ፤ የተውኔት መጨረሻ ሊያይ። መድረኩ ላይ ምንም የለም። ተዋንያኑ በሙሉ እግራቸውን አንጠልጥለው ከመድረኩ ጫፍ ተቀምጠው፣ የፋርሱ ንጉሥ ለውዝ እየቃመ፣ እሱን ያዩታል።

«ምን እየሆነ ነው?» አላት በጆሮዋ።

«ዝም በል፤ የተጋቡ ይመስለኛል» አለችው።

በሽተኞቹ ከጾም በኋላ ምን እንደሚበሉ ሲጨነቁ ከረሙ። ባይጨነቁ ይሻላቸው ነበር፤ ፋሲካ እንዳለፈ ሕዝቡ ባልና ሚስቱ እንዴት እንደሚጣሉ ሊያይ ጎረፈ። እነሱም አላሳፈሩትም። ቶሪቢዮ ጀርባውን ለመድረኩ ሰጥቶ እስከ እርጅናው ድረስ ሲያጠጋጋ፣ ኪቴሪያም ከምሰሶው ሥር በየቀኑ ስትሰድበው ኖሩ። ማታ ማታ ግን በዚያ ሁሉ ሰፊ አልጋ ላይ የሚተኙት በአንዲት ጫፍ ነበር።

ቶሪቢዮ ሲሞት በማኅበሩ ቤተ ክርስቲያን ወለል ሥር ቀበሩት፤ እዚያም ቦታ ጠባብ ነው፤ ሙታኑ ትከሻ ለትከሻ ተገጣጥመው ይተኛሉ። በዚያው ሳምንት ዶን ፋድሪኬ ራሳቸው ዐረፉ። ቀባሪው በገመድ ጉድጓድ እየለካ ከቶሪቢዮ ጎን ደረሰ። ኪቴሪያ ድንጋዩ ላይ ተቀምጣ አገኛት።

«እትዬ፣ እስቲ ተነሺልኝ። እዚህ ጋ ትንሽ ክፍት አለች፤ መጋቢው ጠጋ ብለው ይገቡባታል።»

ኪቴሪያ ቁልፏን ከወገቧ አወጣችና ጉልበቷ ላይ አስቀመጠችው።

«ቦታ የለም» አለችው።

ቀባሪው ልጅ ሳለ እናቱ በቀሚሷ ደብቃ ወደ ድስቷ ታስገባው ስለነበር አልተከራከራትም። ገመዱን ጠቅልሎ ለመጋቢው ሌላ ቦታ ሊፈልግ ሄደ።